የማይቃጠለው ቦርድና የሚቃጠለው

«ኦርጅናሉን ነው ኮፒውን?»

ባለሱቁ ቀና ሳይል ነው የጠየቀው። ሱቁ መርካቶ ውስጥ ካሉት የኤሌክትሮኒክስ ዕቃ መሸጫዎች አንዱ ነው፤ ሁለት ሰው ከገባበት ሦስተኛው በር ላይ ቆሞ ተራ ይጠብቃል። ግድግዳው እስከ ጣሪያ ድረስ ትንንሽ የፕላስቲክ መሳቢያ ነው፤ ሬዚስተሩም፣ ካፓሲተሩም፣ ትራንዚስተሩም ስሙ በእስክሪብቶ ተጽፎ በፕላስተር ተለጥፎበታል። የእህቴ ልጅ የኤሌክትሪካል ምሕንድስና ተማሪ ናት። የጠየቀችው አርዱኢኖ ኡኖ የተባለውን የማይክሮኮንትሮለር መለማመጃ ቦርድ ነው። ሰውየው ሁለት ቦርዶች አውጥቶ መስታወቱ ላይ አስቀመጠላት። ሁለቱም ሰማያዊ ናቸው፤ ሁለቱም መዳፍ ላይ ይቀመጣሉ፤ ዋጋቸው ግን አይቀራረብም።

«ልዩነታቸው ምንድን ነው?»

«ያው ናቸው።» ትንሽ አሰበና ጨመረ፤ «ኮፒው ድራይቨር ይፈልጋል።»

መልሱ አጭር ቢሆንም ትክክል ነው። በሁለቱም ቦርድ መሐል የተቀመጠው ቺፕ አንድ ዓይነት ነው፤ ኤቲሜጋ 328ፒ ይባላል። በሰከንድ 16 ሚሊዮን ጊዜ በሚመታ ሰዓት ይሠራል፤ ፕሮግራሙን የሚይዝበት 32 ኪሎባይት ፍላሽ፣ ሲሠራ የሚያስብበት ደግሞ 2 ኪሎባይት ራም አለው። ልዩነቱ ከኮምፒውተሩ ጋር የሚያነጋግረው ሁለተኛው ቺፕ ላይ ነው። በኦርጅናሉ ላይ ለዚህ ሥራ ሌላ ማይክሮኮንትሮለር ተቀምጧል፤ በኮፒው ላይ ብዙውን ጊዜ ሲኤች340 የተባለ ርካሽ የቻይና ቺፕ አለ። አንዳንድ ኮምፒውተር ለሲኤች340 ድራይቨር እስኪጫንለት ድረስ ቦርዱን አያየውም። ድራይቨሩ ነጻ ነው። ለተማሪ የዋጋ ልዩነቱ ሁሉ ተጠቃልሎ ድራይቨር የመጫን ድካም ላይ ያርፋል ማለት ይቻላል።

ኮፒ ሲባል ብዙ ሰው ስርቆት ይመስለዋል። የአርዱኢኖ ታሪክ ግን ሌላ ነው። በ2005 እ.ኤ.አ. ኢቭሪያ በምትባል የሰሜን ኢጣሊያ ከተማ በነበረ የዲዛይን ትምህርት ቤት፣ ማሲሞ ባንዚና ባልደረቦቹ ለተማሪዎቻቸው ርካሽ ቦርድ ይፈልጉ ነበር። እዚያው ትምህርት ቤት ኸርናንዶ ባራጋን የተባለ ኮሎምቢያዊ ተማሪ ለመመረቂያው የሠራው ዋይሪንግ የተባለ ሥራ ነበርና ከእሱ ተነሡ። ስሙን የወሰዱት ከሚያዘወትሩት መጠጥ ቤት ነው፤ መጠጥ ቤቱም የተሰየመው በ1002 የኢጣሊያ ንጉሥ በሆነው በአርዱኢኖ ነበር። ትምህርት ቤቱ ወደ መዘጋት ሲያመራ ሥራው አብሮ እንዳይቀበር ንድፉን ለማንም ክፍት አደረጉት። ስለዚህ ንድፉን ወስዶ ቦርድ ማምረት የተፈቀደ ነው፤ ያልተፈቀደው ስሙንና አርማውን መለጠፍ ነው። ስሙን ያልለጠፈ ኮፒ ሐቀኛ ዕቃ ነው። የአርዱኢኖን አርማ አትሞ በርካሽ የሚሸጠው ግን ያው ሐሰተኛ ነው፤ መርካቶ ውስጥ ሁለቱም ጎን ለጎን ይደረደራሉ።

የእህቴ ልጅ ግን ሁለቱንም መለሰችለት። «ቆይ ጋሼ፣ መጀመሪያ ቤት ልሞክረው» አለችኝ። ባለሱቁ አልተቀየመም፤ ዋጋ ጠይቆ የሚሄድ ተማሪ ብርቁ አይደለም። የብር ምንዛሪ ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ለገበያ ከተለቀቀ ወዲህ፣ 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር ከ100 ብር በላይ ተሻግሯል። ከውጭ የሚመጣ ትንሽ ዕቃ ሁሉ ከዚያ ወዲህ ሁለቴ ሳይታሰብበት የሚገዛ መሆኑ ቀርቷል። ከዱባይ ወይም ከዋሽንግተን የሚመጣ ዘመድ ያላቸው በሻንጣ ያስመጣሉ፤ ዘመዱ እስኪመጣ ግን ሴሚስተሩ ያልፋል።

ሳይገዙ መጀመር

ቤት ስትሞክረው የከፈተችው በኢንተርኔት መቃኛ ውስጥ የሚሠራ ገጽ ነው። ዎክዊ ይባላል፤ ዩሪ ሻኬድ የተባለ እስራኤላዊ የሶፍትዌር ባለሙያ የጀመረው ሲሙሌተር ነው። በስክሪኑ ግራ ኮድ ይጻፋል፤ በቀኝ ኡኖው ከነሽቦው ተሥሎ ይታያል። ማስነሻውን ስትጫን ኤልኢዲዋ በራች።

ካርቱን የሚመስለው ሰው ብዙ ነው፤ ውስጡ ግን ካርቱን አይደለም። የጻፍነው ኮድ ለእውነተኛው ቺፕ እንደሚደረገው ሁሉ ወደ ማሽን ቋንቋ ይተረጎማል። ሲሙሌተሩ ያንን የማሽን ቋንቋ ትእዛዝ በትእዛዝ እያነበበ፣ ቺፑ የሚያደርገውን መደመር፣ ማስቀመጥና መዝለል ራሱ ያደርገዋል። በመሆኑም ቺፑ ሊያሳስታት የሚችለውን የሒሳብ ስሕተት ሲሙሌተሩም ያሳስታታል። ይህን በጭውውት ልነግራት ብችልም አታምነኝም ነበር፤ የሠራችው ሰዓት አሳመናት።

ኤልኢዲ ማብራት ከአንድ ምሽት በላይ አያቆይም። የሚያቆይ ሥራ ያስፈልጋል ብዬ የኢትዮጵያ ሰዓትና ቀን የሚያሳይ የጠረጴዛ ሰዓት እንድትሠራ ሐሳብ አቀረብኩ። ሰዓቱ ቀላል ነው። ፈረንጅ ከጠዋቱ 7 ሲል እኛ 1 እንላለን፤ 6 ደምሮ ለ12 አካፍሎ ቀሪውን መውሰድ ነው፤ ቀሪው ዜሮ ከሆነ 12 ይባላል። ቀኑ ግን ጉድ አለበት። አሥራ ሦስት ወር፤ ጳጉሜን አንዴ 5 አንዴ 6፤ ዓመተ ምሕረቱ ለ4 ተካፍሎ ቀሪው 3 ሲሆን 6 ትሆናለች። የተለመደው ዘዴ ቀኖችን ሁሉ ከአንድ ሩቅ መነሻ ጀምሮ መቁጠርና ከቁጥሩ ወደ ወርና ቀን መመለስ ነው። የሥነ ፈለክ ሰዎች የሚጠቀሙበት የጁልያን የቀን ቁጥር ለዚህ ይመቻል። ጳጉሜን 6 ቀን 2015 በዚያ አቆጣጠር 2,460,199ኛው ቀን ነው።

በላፕቶፗ ላይ ስትፈትነው ልክ ሆነ። ያው ኮድ ወደ ኡኖው ሲሙሌተር ሲገባ ግን የቀን ቁጥሩ ከዜሮ በታች 30,169 ሆኖ ወጣ።

«ጋሼ፣ ይሄ ነገር ተበላሽቷል።»

የተበላሸ ነገር የለም። በላፕቶፗ ላይ ተራ ሙሉ ቁጥር 32 ቢት ነው፤ በኡኖው ላይ 16 ቢት ነው፤ ከ32,767 በላይ አይዝም። ከዚያ የሚበልጠው ሞልቶ ይፈስና ወደ ኔጌቲቭ ይዞራል። ቁጥሩን በረጅሙ ዓይነት ስታውጀው ተስተካከለ። ይህን ትምህርት ያገኘችው ሳንቲም ሳታወጣ ነው። የሲሙሌተር ዋናው ጥቅሙም ይኸው ይመስለኛል፤ ሎጂክና ሒሳብ፣ ጊዜን ወደፊትና ወደኋላ መውሰድ። ጳጉሜን 6ን ለመፈተን በእውነቱ ዓለም እስከ 2019 ዓ.ም. መጠበቅ ያስፈልጋል፤ በሲሙሌተር የቀኑን ቁጥር መቀየር ብቻ ነው።

ቀኑ የሚለወጠው መቼ ነው? የሚለው ጥያቄ ግን ኮድ የሚመልሰው አልነበረም። ከሌሊቱ 6 ሰዓት ነው? ከንጋቱ 12? እናቴን ብትጠይቁ ምሽት 12 ሰዓት ላይ ነገ ገብቷል ትላችኋለች፤ የቤተ ክርስቲያኑ አቆጣጠር እንደዚያ ነውና። ተማሪዋ የመንግሥት መሥሪያ ቤቱን ተከትላ ከሌሊቱ 6 አደረገችው። እኔ በበኩሌ ወደ እናቴ አደላለሁ።

ከዚያ የፊደሉ ነገር መጣ። በብዙ የጀማሪ ጥቅል ውስጥ የሚገኘው ባለ ሁለት መስመር፣ በመስመር 16 ፊደል የሚይዘው ኤልሲዲ የግእዝ ፊደል አያውቅም። የሚፈቅደው ስምንት ምልክቶችን ብቻ ነው ራስህ እንድትሥል፤ እያንዳንዱ አምስት ነጥብ ወርድ፣ ስምንት ነጥብ ቁመት። ስምንት ፊደል ለአሥራ ሦስቱ ወር አይበቃም። ግን በአንድ ጊዜ የሚታየው አንድ ወር ነው፤ «መስከረም» አምስት ፊደል ነው፤ «ጳጉሜን» አራት። ወሩ በተለወጠ ቁጥር ስምንቱን ቦታ እንደገና መሣል ነው። ባለ ሦስት እግሩ «ሐ» አምስቱን ዓምድ በሙሉ ይወስዳል፤ ለ«ጥ» ቅጥያ ግን ቦታ አይተርፍም፤ ጥቅምትና ጥር በስክሪኑ ላይ ትንሽ ሸፋፋ ሆነው ቀርተዋል።

በነጥብ የሚሥል ስክሪን ብትይዝስ? ርካሹ ትንሽ የኦሌድ ስክሪን 128 በ64 ነጥብ ነው። ነጥቦቹን ራም ላይ ለመያዝ 1,024 ባይት ይፈልጋል። ያ የኡኖው ራም ግማሽ ነው። በዚያ ላይ አንድ የግእዝ ፊደል በዩኒኮድ ጽሑፍ ሦስት ባይት ይይዛል፤ ላቲኑ አንድ ባይት በሚይዝበት። የአማርኛ ዓረፍተ ነገሮችን ያለጥንቃቄ ራም ላይ ያፈሰሰ ሰው፣ ኡኖው ምንም ሳይል መቃዠት ሲጀምር ያያል። ሌላ ቦርድ የማሰቢያው ጊዜ የሚመጣው እንዲህ ያለ ምክንያት ሲገኝ ነው፤ ሥራው ራሱ ቦርዱን ሲጠራው። «የትኛው ይሻላል?» ብሎ በባዶው መጀመር ጨረታ ላይ የመቆም ያህል ገንዘብና ጊዜ ይፈጃል።

ኢንተርኔት የሌለበት ቀን

ዎክዊ ኮዱን የሚተረጉመው በሩቅ ሰርቨር ነው። መረብ ሲቋረጥ ሥራው ይቆማል፤ በካምፓስ ዶርም ያደረ ሰው ይህን ለማወቅ ሲሙሌተር አያስፈልገውም። ቲንከርካድ የተባለው ሲሙሌተርም እንዲሁ በመረብ ላይ ነው የሚሠራው፤ የአውቶዴስክ ነው፤ ለጀማሪ በጣም ግልጽ ነው፤ የቦርድ ምርጫው ግን ጠባብ ነው፤ ኡኖና ማይክሮቢት።

ያለ መረብ ለሚሠራ ሰው ሲሙልአይዲኢ የተባለውን እመርጥለታለሁ። ነጻ ነው፤ ክፍት ነው፤ በአሮጌ ላፕቶፕ ላይ ይሮጣል፤ በፍላሽ ተገልብጦ ከጓደኛ ለጓደኛ ቢሰጥ ማንንም አይበድልም። ይህን የምለው በየካምፓሱ ከእጅ ወደ እጅ የሚዞረው ፕሮቲየስ ስላለ ነው። ፕሮቲየስ የእንግሊዙ ላብሴንተር ሥራ ነው፤ ጎበዝ ሲሙሌተር ነው፤ 8051፣ ፒክና ኤቲሜጋ የተባሉትን ቺፖች ከነስክሪናቸውና ከነሞተራቸው ያስመስላል። ነገር ግን ፈቃዱ ለተማሪ ኪስ አይሆንም፤ የሚዞረውም የተሰበረው ቅጂ ነው፤ ቅጂው ውስጥ አብሮ ምን እንደሚገባ ደግሞ የሰበረው ሰው ብቻ ነው የሚያውቀው። ነጻው አማራጭ እያለ ይህን ዕዳ መሸከም አይታየኝም።

ኪውኤሙና ሬኖድ የተባሉም አሉ። እነሱ ስክሪን ላይ የሚያበሩት ኤልኢዲ የለም፤ በትእዛዝ መስመር የሚሠሩ፣ ኩባንያዎች ሶፍትዌራቸውን ሌሊቱን ሙሉ በራሱ እንዲፈተን የሚያደርጉባቸው መሣሪያዎች ናቸው። ለጊዜው ስማቸውን ማወቅ ይበቃል።

ላፕቶፕ የሌለው ተማሪስ? አርዱኢኖድሮይድ የሚባል የአንድሮይድ መተግበሪያ አለ፤ ኮዱን እዚያው ስልኩ ላይ ይተረጉምና በኦቲጂ ገመድ ቦርዱ ላይ ይጭነዋል። በጠባብ ስክሪን ኮድ መጻፍ ዓይን ያደክማል፤ ይሠራል ግን።

ሲሙሌተር የሚዋሸው የት ላይ ነው

ኤልኢዲን ያለ ሬዚስተር በቀጥታ ከኡኖው እግር ጋር ያያያዘ ሰው በዎክዊ ላይ ምንም አይሆንም፤ ኤልኢዲዋ በደስታ ትበራለች። ቲንከርካድ ላይ ኤልኢዲዋ የፍንዳታ ምልክት ታሳያለች። በእውነቱ ዓለም የኤቲሜጋው እግር 20 ሚሊአምፔር ቢሰጥ ይስማማዋል፤ 40 የመጨረሻው ጣሪያ ነው። 220 ኦም ሬዚስተር ሲገባበት፣ ከ5 ቮልት ላይ የኤልኢዲዋ 2 ቮልት ተቀንሶ የሚቀረው 3 ቮልት የሚያሳልፈው 14 ሚሊአምፔር እንኳ አይሞላም። ያለ ሬዚስተር ወይ ኤልኢዲዋ ወይ እግሩ ይጎዳል፤ የባሰው ጉዳት ደግሞ ወዲያው የማይታየው ነው። ያ እግር ዛሬ ይሠራል፤ ከወር በኋላ በሌላ ፕሮጀክት ላይ ያታልላል።

የመጫኛ ቁልፉ ሌላ ነው። ጣት አንዴ ሲጫን ውስጡ ያለው ብረት ሲነካካ ይንጫጫል፤ ቺፑ ፈጣን ስለሆነ በጥቂት ሚሊሰከንድ ውስጥ ብዙ ጊዜ እንደተጫነ ይቆጥረዋል። ዎክዊ ይህን አስመስሎ ይሠራል፤ ያስመሰግነዋል። ከማይመስሉት መካከል የላላ ሽቦ፣ ክፍሎች ሳይበየዱ የሚሰኩበት ብሬድቦርድ የደከመ ቀዳዳ፣ ምንም ሳይያያዝ ተንጠልጥሎ የቀረ እግር በአየሩ ውስጥ ያለውን የመብራት ኃይል ሞገድ እያነሣ አንዴ 1 አንዴ 0 ማለቱ፣ ሞተር ሲነሣ ቮልቱን ጎትቶ ቺፑን ከእንቅልፉ እንደነቃ ሰው እንደ አዲስ ማስጀመሩ ይገኙበታል። እነዚህን የሚያስተምረው እውነተኛ ቦርድ ብቻ ነው፤ ርካሽ ቦርድ መያዝ የሚበጀውም ለዚህ ነው። ውድ ቦርድ የያዘ ተማሪ ሽቦ ለመቀየር ይፈራል፤ የፈራ ሰው አይሞክርም። ለአንድ ኦርጅናል በሚወጣው ገንዘብ ሁለት ኮፒ ገዝቶ አንዱ ቢቃጠል ሌላውን መያዝ ይሻላል። ያልተቃጠለው ደግሞ የዳኝነት ሥራ ይሠራል፤ ኮዱ ነው ወይስ ቦርዱ የተበላሸው የሚለውን ክርክር በአንድ ደቂቃ ይዘጋዋል።

ከቦርዱ በፊት የሚፈተነው ግን ገመዱ ነው። ከጀማሪ ጥያቄዎች ውስጥ «ቦርዴ ሞቷል» የሚለው ሲመረመር፣ ብዙ ጊዜ የሚገኘው ስልክ ብቻ የሚሞላ፣ የመረጃ ሽቦ ውስጡ የሌለው ገመድ ነው። ቦርዱ ላይ ያለችው መብራት ትበራለች፤ ኮምፒውተሩ ግን ምንም አያይም። ሱቅ ውስጥ እያሉ ገመዱን በስልክና በላፕቶፕ መሐል ሰክቶ ፎቶ ለማስተላለፍ መሞከር ነው መፍትሔው።

ከኡኖው ወዲያ

የቦርዶችን የተሟላ ዝርዝር ማቅረብ አልፈልግም። ገበያው በየወሩ ይለዋወጣል፤ በእኛ ገበያ የሚገኘው ደግሞ ያመጣው ሰው የመረጠው ነው።

ኡኖ ወይም ታናሹ ናኖ፣ ኮፒም ቢሆን፣ እስካሁን መጥፎ መነሻ አይደለም። ናኖው ብሬድቦርድ ላይ በቀጥታ ስለሚሰካ እኔ ከኡኖው አስበልጠዋለሁ። በ5 ቮልት መሥራታቸው ከአሮጌ ሴንሰሮች ጋር ያስማማቸዋል፤ ስሕተትንም በመጠኑ ይታገሣሉ።

በዋይፋይ የሚሠራ ነገር ለሚፈልግ መልሱ ኢኤስፒ32 ነው። የሻንጋዩ ኤስፕሬሲፍ በ2016 እ.ኤ.አ. ያወጣው ቺፕ ነው፤ ሁለት ኮር፣ እስከ 240 ሜጋኸርዝ፣ 520 ኪሎባይት ራም፣ ዋይፋይና ብሉቱዝ አብረው ይመጣሉ። ያቺ የጠረጴዛ ሰዓት በኢኤስፒ32 ብትሠራ ሰዓቱን ከኢንተርኔት ታነባለች። ዎክዊ የሐሰት ዋይፋይ ስላለው ይህንንም ሳይገዙ መሞከር ይቻላል። ሲገዙ ግን ሁለት ነገር ማስታወስ ያስፈልጋል። አንደኛ፣ ቺፑ የሚሠራው በ3.3 ቮልት ነው፤ 5 ቮልት የሚልክ ሴንሰር እግሩን ሊያቃጥለው ይችላል። ሁለተኛ፣ ዋይፋዩ ሲልክ ለቅጽበት ከ200 ሚሊአምፔር በላይ ይስባል፤ በቀጭን ገመድ የተያያዘ ቦርድ በዚያች ቅጽበት ቮልቱ ወርዶ ራሱን ያጠፋና እንደገና ይነሣል፤ ተማሪው ደግሞ ኮዱ ውስጥ ስሕተት ሲፈልግ ያድራል።

ሰማያዊዋ ክኒን የምትባለው የኤስቲኤም32 ቦርድ በርካሽነቷ ስም አላት። ቺፗ በዓለም ኢንዱስትሪ ውስጥ በብዛት ከሚሠራባቸው ቤተሰቦች ናት፤ 72 ሜጋኸርዝ፣ 20 ኪሎባይት ራም። በገበያው ላይ ግን ብዙዋ ሌላ ቺፕ የተቀመጠባት ናት፤ አንዳንዴም የእውነተኛው ቺፕ ስም ከላዩ ታትሞበት። ፕሮግራም መጫኛው የመለያ ቁጥሩ ስላልገጠመለት አልጭንም ሲል ጀማሪው ጥፋቱን በራሱ ላይ ይፈልጋል። ልምድ ላለው ሰው ጨዋታ ነው፤ ለጀማሪ አልመክረውም። ኤስቲኤም32 የግድ ከሆነ የአምራቹ የራሱ ኑክሊዮ ቦርድ ይሻላል፤ ፕሮግራሙን እያቆሙ የሚመረምሩበት ዲባገር እዚያው ቦርዱ ላይ አብሮ ተሠርቷል።

አንድ ጥቁር ትንሽ ቺፕም አለ፤ ሲኤች32ቪ003። ራሱ ቺፑ ከአሥር የአሜሪካ ሳንቲም ብዙ አይርቅም፤ ራሙ የኡኖውን ያህል 2 ኪሎባይት ነው። ለጀማሪ ሰነዱ ገና ሳሳ ያለ ነው፤ እኔ ግን በደስታ እከታተለዋለሁ።

አሁን ገንዘቤን የማስቀምጥበት ራስፕቤሪ ፓይ ፒኮ ነው። በጥር 2021 እ.ኤ.አ. ሲወጣ ዋጋው 4 ዶላር ነበር፤ ተከታዩ ፒኮ 2 በነሐሴ 2024 በ5 ዶላር ወጣ። የመጀመሪያው ሁለት ኮርና 264 ኪሎባይት ራም አለው፤ ከኡኖው ከመቶ ሠላሳ እጥፍ በላይ ነው፤ የኦሌዱ 1,024 ባይት አይሰማውም። ፕሮግራም ሲጫንበት እንደ ፍላሽ ሆኖ ኮምፒውተሩ ላይ ይታያል፤ ፋይሉን ጎትቶ መጣል ነው፤ ድራይቨር የለ፣ ምን የለ። በማይክሮፓይተን መጀመር፣ ከዚያ ወደ ሲ መሸጋገር ይቻላል። አንዳንዱ የሚመጣው እግሮቹ ሳይበየዱ ነው፤ ሞባይል ጠጋኞች በጥቂት ብር ይበይዱታል።

ፒኮውን ያስመረጠኝ ግን ራሙ አይደለም። ሁለት ፒኮ ያለው ሰው አንዱን ዲባገር አድርጎ ሌላውን ማየት ይችላል። ፕሮግራሙን በፈለገው መስመር ላይ ያቆመዋል፤ በእያንዳንዱ ተለዋዋጭ ውስጥ ያለውን ቁጥር ያነባል፤ አንድ እርምጃ አስኬዶ እንደገና ያቆማል። በኡኖው ላይ ብዙ ተማሪ የሚያደርገው መልእክት እያተመ መገመት ነው። የሥራው ዓለም ግን በመገመት አይሠራም፤ ሥራ ፈላጊውንም የሚጠይቁት በዲባገር ምን እንደሠራ ነው።

ሠላሳ ሰባት ሴንሰር በአንድ ሳጥን የሚሸጠውን ጥቅል እርሱት። አብዛኛው ከሳጥኑ ሳይወጣ ይከርማል።

ለሰዓቱ ከስክሪኑ ሌላ የሚያስፈልገው አንድ ሞጁል ብቻ ነው፤ ዲኤስ3231። መብራት ሲጠፋ በባትሪ ጊዜውን ይይዛል፤ ስሕተቱ በዓመት አንድ ደቂቃ ቢሆን ነው። ርካሹ ሞጁል ላይ ግን አንድ ወጥመድ አለ፤ የሚሞላ ባትሪ ለመሙላት የተሠራ መስመር አለበት፤ የሚሸጥልን ባትሪ ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ የማይሞላው ዓይነት ነው። በ5 ቮልት ሲሠራ የማይሞላውን ባትሪ ሊሞላ ይሞክራል፤ ባትሪው ያብጣል። የሚያውቁት ሰዎች በመሙያው መስመር ላይ ያለችውን ሬዚስተር ነቅለው ይጥሏታል፤ በ3.3 ቮልት በፒኮው የሚሠራ ሰውም ከዚህ ጣጣ ይድናል።

ተማሪዋ በመጨረሻ ሁለት ፒኮ ገዛች፤ ሞጁሉንም ኦሌዱንም ጨምራ። በኡኖው ሲሙሌተር ላይ ሰዓቱን ያነበበላት ሌሎች የጻፉት ዝግጁ ላይብረሪ ነበር፤ አሁን በሲ ራሷ ልትጽፈው ፈለገች። ጻፈችው፤ ሠራላትም። 7 ደቂቃ፣ 8 ደቂቃ፣ 9 ደቂቃ። ቀጥሎ 16 ደቂቃ አለ።

ስልክ ደወለችልኝ። «ጋሼ፣ ከ9 ወደ 16 ዘለለ።»

«ሁለተኛው ፒኮ አለሽ አይደል? አቁሚው እስኪ።»

አቆመችው። ከሞጁሉ የመጣው ባይት በአሥራ ስድስት መደብ አጻጻፍ 10 ነበር። ቺፑ ደቂቃውን የሚያስቀምጠው ባይቱን ለሁለት ከፍሎ ነው፤ በላይኛው ግማሽ አሥራቱን፣ በታችኛው አንድ ቤቱን። ዝግጁው ላይብረሪ ይህን በዝምታ ሲቀይርላት ኖሯል። የላይኛውን ግማሽ በ10 አባዝቶ የታችኛውን መደመር ነው፤ አንድ መስመር ኮድ ናት።

«ዳታሺቱ ላይ ተጽፎ ነበር እኮ» አለች፤ ገጹን አግኝታው።

«ለሰዓቱስ? ለቀኑስ?»

ትንሽ ዝም አለችና፣ «ሰዓቱም እንደዚያው ነው፤ ግን አንዷ ቢት ጠዋትና ማታ የምትለይበት መንገድ አለው፤ ቆይ ላንብበው» ብላ ስልኩን ዘጋችብኝ።